ካሜራው በማን እጅ ነው?

ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. የእንግሊዙ ቢቢሲ በኮረም የተቀረፀውን የረሃብ ዜና አሰራጨ። ድርቁ ከዋግና ከአካባቢው ያፈናቀለው ሕዝብ በዚያ ሜዳ ላይ ወድቆ ታየ። ካሜራውን የያዘው ኬንያዊው ሙሐመድ አሚን ሲሆን ተራኪው እንግሊዛዊው ማይክል በርክ ነበር። ዜናው ዓለምን አስደንግጦ ለወገኖቻችን እህል አስገኝቷልና ውለታውን አንክድም። (ሙሐመድ አሚን በኅዳር 1989 ዓ.ም. ተጠልፎ ኮሞሮስ አጠገብ በወደቀው የኢትዮጵያ አውሮፕላን ሕይወቱ አልፏል።)

ይሁን እንጂ ልጆቻቸውን እንደታቀፉ የተቀረፁት እናቶች አቅም ቢኖራቸው ኖሮ በዚያ ሁኔታ ለመታየት ይፈቅዱ ነበርን? ስማቸውስ ማን ነበር? ኢስላም በሱረቱ አን-ኑር የሰው ቤት ሳያስፈቅዱ መግባትን የከለከለ ሃይማኖት ነው። የሰው ፊትና ሐዘን ከቤቱ ያነሰ ክብር የለውም።

ካሜራውን ራሳቸው ከያዙት ኢትዮጵያውያት ቀደምት ከሆኑት አንዷ በአሜሪካ በዌልስሊ ኮሌጅ ያስተማሩት ሳሌም መኩሪያ ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1991 የሠሩት «ስደት» የተሰኘ ዘጋቢ ፊልም ወደ ሱዳን የተሰደዱ የኢትዮጵያና የኤርትራ ሴቶችን ሕይወት ያሳያል። «የወንዝ ማዕበል» በተባለው ሥራቸው ደግሞ በአብዮቱ ዘመን ያጧቸውን ወንድማቸውንና የልብ ጓደኛቸውን አስታወሱ። እዚህ ላይ ባለ ካሜራዋና ባለ ሐዘኗ አንድ ሰው ናቸው፤ ልዩነቱም ይኸው ነው።

ሳዑዲያዊቷ ሃይፋ አል-መንሱር እ.ኤ.አ. በ2012 ለእይታ የበቃውን «ወጅዳ» ስትሠራ፣ በሪያድ ጎዳና ከወንዶች ጋር በግልጽ መሥራት ስላልተቻላት መኪና ውስጥ ተቀምጣ በሬዲዮ መገናኛ ትመራ ነበር። ታሪኩ ብስክሌት ለመግዛት ስትል የቁርኣን ውድድር የገባችን ልጃገረድ የሚመለከት ነው። በፊልሙ ሁሉ ነገር ላንስማማ እንችላለን፤ ጽናቷን ግን ማን ይነቅፋል?

ልጃቸው ካሜራ ስትይዝ «ሐያእዋ ይጠፋል» ብለው የሚሰጉ ወላጆች አሉ። ስጋታቸው ከንቱ አይደለም፤ በየስልኩ የምናየው ብዙ ነው። ነገር ግን ልጁን የሚከለክለው አባት ራሱ በሠርግ ቀን ባዕድ ወንድ ቀራጭ ተከራይቶ ሴቶቹ ወደተቀመጡበት ድንኳን ሲያስገባ አይተናል! ሙያውን የተማረች እህት ብትኖር ሒጃቧን እንደጠበቀች ገብታ ትቀርፅ ነበር፤ ምን መታየት እንዳለበት፣ ምን መሸፈን እንዳለበትም ታውቃለች።

የ77ን ድርቅ በወጣትነታቸው ያሳለፉ የሰቆጣና የዝቋላ እናቶች ዛሬ አያቶች ሆነዋል። የልጅ ልጃቸው ስልኳን አስቀምጣ በኽምጣኛ «እማማ፣ ልቅረፅሽ?» ብላ ብትጠይቃቸው፣ ለባዕድ ጋዜጠኛ ያልነገሩትን ለእርሷ ይነግሯት ይሆናል። «ይህን አትቅረጪ» ካሏትም ታጠፋዋለች።