ግብጦን ከጉሊት ወደ ሱቅ

ከባሕር ዳር ተነሥቶ በመራዊና በወተት ዓባይ በኩል ወደ ዱርቤቴ፥ ከዚያም በዳንግላ አድርጎ ወደ ቡሬና ወደ ፍኖተ ሰላም የሚወርድ ነጋዴ በየገበያው ጉሊት ላይ የታጠበ ግብጦ ሲሸጥ ማየቱ የተለመደ ነው። ገዢው በስኒ አሰፍሮ፥ ጥቂት ጨው አስነስንሶ፥ ልጣጩን እየገፈፈ ይበላዋል፤ ከጠላና ከአረቄም ጋር ይቀርባል። ይሁን እንጂ እዚያው ገበያ ዳር ወዳለው ሱቅ ገብቶ ታሽጎ የተቀመጠ ግብጦ የሚጠይቅ ሰው የሚያገኘው ስኳር የበዛበትን ብስኩትና በዘይት የተጠበሰውን ቺፕስ ነው። ለጤና የሚስማማ መክሰስ እየሠራ ለመነገድ የሚያስብ የአገሩ ወጣት ካለ፥ ሥራው በዚህ በጉሊቱና በሱቁ መካከል ተዘርግቶ ይጠብቀዋል።

ግብጦ በአቸፈር፥ በሜጫና በአዊ ገበሬ ዘንድ እንደ ጤፍ የተከበረ እህል አይደለም። የሚዘራው አብዛኛውን ጊዜ በደከመና አሲድ በበዛበት መሬት ላይ ነው፤ ብዙ እርሻና አረም አይጠይቅም፥ ማዳበሪያም አይገዛለትም። እንዲያውም ከአየር የሳበውን ናይትሮጅን ለመሬቱ ስለሚተውለት በማግሥቱ የሚዘራው እህል ይጠቀማል። የማዳበሪያ ዋጋ ገበሬውን ባስጨነቀበት በዚህ ዘመን ይህ ቀላል ነገር አይደለም። በምግብነቱም ቢመዘን ከ100 ግራም ደረቅ ፍሬ ውስጥ 35 ግራም ያህሉ ፕሮቲን ነው፤ ባቄላ 25 ገደማ ነው። ስታርቹ ደግሞ እጅግ ጥቂት ነው።

እንግዲህ ፍሬው ርካሽ፥ ምግብነቱም ከፍ ያለ ከሆነ እስከ ዛሬ ፋብሪካ ያልሠራበት ስለ ምንድን ነው ቢባል፥ መልሱ መራራነቱ ነው። ሴቶቹ ግብጦውን ቆልተው ወይም ቀቅለው፥ በጆንያ አሥረው፥ ግልገል ዓባይን በመሰለ ወራጅ ውኃ ውስጥ ለብዙ ቀናት ይዘፈዝፉታል። ምሬቱ መውጣቱን የሚያውቁት በምላሳቸው ቀምሰው ነው። ምላሳቸው የሠለጠነ ስለ ሆነ ለጉሊት ንግድ በቅቷል። አንድ ሺሕ ከረጢት አሽጎ ወደ አዲስ አበባ የሚልክ ነጋዴ ግን በምላስ ብቻ ሊተማመን አይገባውም።

ምሬቱ የሚመጣው አልካሎይድ ከሚባሉት ንጥረ ነገሮች ነው፤ ዋናው ሉፓኒን ይባላል። በደንብ ያልታጠበ ግብጦ አብዝቶ የበላ ሰው አፉ ይደርቃል፥ ዓይኑ ይደበዝዛል፥ ራሱንም ያዞረዋል። አውስትራሊያና ኒውዚላንድ በምግብ ሕጋቸው የወሰኑት ልክ በአንድ ኪሎ 200 ሚሊግራም ነው። በመራራ ግብጦ ውስጥ ከመቶ አንድ እጅ፥ ማለት በኪሎ 10,000 ሚሊግራም ያህል ቢገኝ፥ እጥበቱ ይህን ወደ አንድ ሃምሳኛ ማውረድ አለበት ማለት ነው። ስለዚህ ወጣቱ ነጋዴ ከማሸጊያ መሣሪያ በፊት ሊያስብበት የሚገባው የውኃው ጉዳይ ነው፤ ንጹሕ ውኃ ከየት ይመጣል፥ ስንት ጊዜ ይለወጣል፥ የሚደፋውስ መራራ ውኃ ከብት ከሚጠጣበት ወንዝ እንዳይገባ ወዴት ይሄዳል? የኬሚካልና የምግብ ምሕንድስና ትምህርት የሚሰጠው የባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ ለዱርቤቴ ሩቅ አይደለምና ፍሬው እንዲመረመር ቢጠይቅ የሚያፍርበት ነገር የለም።

ሁለተኛው ችግር ደግሞ አለ። የታጠበ ግብጦ ውኃ ጠጥቶ ክብደቱ እጥፍ ያህል ይሆናል፤ ይህ በስኒ ለሚሰፍር ሻጭ ትርፍ ቢመስልም፥ እርጥብ ነገር ቶሎ ስለሚበላሽ ለሩቅ ገበያ ጠላት ነው። ይህን ሌሎች አገሮች በሁለት መንገድ ፈትተውታል። ጣሊያኖችና ፖርቱጋሎች የግብጦን ፍሬ በጨው ውኃ ውስጥ በጠርሙስ አሽገው በየሱቁ ይሸጡታል፥ ከቢራም ጋር ይበሉታል፤ ግብፆችም ተርሙስ ብለው ያው እንደኛ በየመንገዱ ይቸረችሩታል። ሁለተኛው መንገድ ከእጥበት በኋላ መልሶ ማድረቅና ጨውና ሚጥሚጣ ነክቶ እንደ ቆሎ ማቅረብ ነው። ጠርሙስ ውድ፥ ሲጓጓዝም የሚሰበር ስለ ሆነ፥ በእኔ ግምት ለዱርቤቴ የሚሻለው ደረቁ ነው። ቆሎ ለለመደ ሕዝብም እንግዳ አይሆንበትም።

የአገር እህል ወደ ታሸገ ምግብ ሲለወጥ ምን እንደሚሆን ለማየት ጤፍን መመልከት ይበቃል። መንግሥት በ1998 ዓ.ም. የጤፍ እህልና ዱቄት ወደ ውጭ እንዳይላክ ሲከለክል የተጋገረውን እንጀራ አልከለከለም ነበር፤ ብልህ ላኪዎችም በዚያው በር ገቡ። በለንደን የባንክ ሥራ ላይ የነበረው አቶ ዮናስ አለሙም ሥራውን ትቶ ላቭግራስ ኢትዮጵያ የተባለውን ድርጅት አቋቁሞ፥ ከጤፍ የቁርስ ምግብና የፓንኬክ ዱቄት እያዘጋጀ ለእንግሊዝ ገበያ አቅርቧል። የእንግሊዝ ሸማች ስለ ጤፍ የሚያውቀው ጥቂት ስለ ነበረ የእህሉን ምንነት ማስረዳትም የሥራው ክፍል ነበር። ግብጦን ግን የደቡብ አውሮፓ ሰው ዱሮ ያውቀዋል፤ ለላኪው የቀረው የኛው ከነሱ እንደማያንስ ማሳየት ነው።

ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ወዲህ በክልሉ በተነሣው ግጭት መንገድ የሚዘጋበት ጊዜ ስለ ነበረ፥ ጀማሪ ነጋዴ ሁሉን ዕቃውን በአንድ መኪና ጭኖ ወደ አንድ ገበያ እንዲልክ አንመክርም። ደረቁ ግብጦ መጋዘን ውስጥ መቆየት ይችላልና መጀመሪያ በዱርቤቴ፥ በዳንግላና በባሕር ዳር ሱቆች በትንሽ በትንሹ ቢሞከር ይሻላል። ባለ ሱቆችም ለመደርደሪያው ቦታ ሲሰጡ ከረጢቱ ላይ የተመረተበት ቀንና ክብደቱ መጻፉን ይመልከቱ።

ወደ አውሮፓ ለመላክ የሚያስብ ደግሞ አንድ ነገር ይጨምርበት። ለውዝ የማይስማማቸው አንዳንድ ሰዎች ግብጦም ስለማይስማማቸው፥ የአውሮፓ ኅብረት እ.ኤ.አ. በ2006 ግብጦን አለርጂ ከሚያስነሡ ምግቦች ዝርዝር ውስጥ አግብቶታል። ስሙ በሸማቹ ቋንቋ ጎልቶ ያልተጻፈበት ከረጢት ጂቡቲን ተሻግሮ ቢደርስ እንኳ በዚያ ሊሸጥ አይችልም።