በመዝገብ ላይ ያልዘገየ ክፍያ

እዚህ ኮሎራዶ፣ ኮሜርስ ሲቲ ውስጥ ገልባጭ መኪና ካላቸው ወገኖች ጋር የተቀመጠ ሰው እሮሮውን ሳይሰማ አይነሣም። አፈሩ ከተነሣ፣ መንገዱ ከተከፈተ ሰነበተ፤ የናፍጣው ሒሳብ በዕለቱ ተከፍሏል፤ የሥራው ገንዘብ ግን አልመጣም። አንዱ "ሲቲው ብር አልቆበት ነው" ይላል፤ ሌላው "ዋናው ኮንትራክተር ይዞብን ነው" ይላል። ሁለቱም አንዳንዴ ልክ ናቸው። በብዛት የሚያጋጥመው ግን ሌላ ነው፦ በጀቱ አለ፣ ዕዳው ግን ገና ዕዳ ተብሎ አልተመዘገበም።

የአሜሪካ ፌዴራል ሕግ ለፌዴራል መንግሥት የግንባታ ሥራ የ14 ቀን የክፍያ ጊዜ ይሰጣል። ጥያቄው ከመቼ ጀምሮ የሚለው ነው። ቆጠራው የሚጀምረው የተሟላ የክፍያ ጥያቄ ሲደርስ እንጂ ሥራው ሲያልቅ አይደለም። ቁፋሮ ላይ ፕላኑ የማያውቀው አሮጌ ቧንቧ ወጣ እንበል። ተቆጣጣሪው "ቀጥሉ፣ ወረቀቱ ይደርሳል" ይላል። ገልባጩ ትርፍ አፈር ሲያመላልስ ይሰነብታል። ቼንጅ ኦርደሩ (የሥራ ለውጥ ትዕዛዙ) እስኪፈረም ድረስ ያ ምልልስ ዋጋ የለውም። ዋጋ ከሌለው ኢንቮይስ አይቀርብበትም፤ ኢንቮይስ ካልቀረበ ደግሞ የዘገየ ክፍያ የለም። መሥሪያ ቤቶች "ክፍያችንን በወቅቱ ፈጽመናል" ብለው የሚያወጡትን መቶኛ የማላምነው ለዚህ ነው። ቁጥሩ ሐሰት ላይሆን ይችላል፤ የሚቆጥረው ግን ተፈርሞ ጠረጴዛ ላይ የደረሰውን ብቻ ነው።

ማስረጃው እዚሁ ኦሮራ ቆሟል። የፌዴራሉ የቀድሞ ወታደሮች ጉዳይ መሥሪያ ቤት የሆስፒታል ግንባታ ውል 604 ሚሊዮን ዶላር ገደማ ነበር። መሥሪያ ቤቱ ያቀረበው ዲዛይን ግን በዚያ ዋጋ የሚሠራ አልነበረም፤ ተቋራጩ ኪዊት ተርነር ከአንድ ቢሊዮን በላይ እንደሚፈጅ ተናገረ፣ መሥሪያ ቤቱ ደግሞ ሥራውን ቀጥል አለ። ለውጡ ሲከመር፣ ዋጋው ሳይስማሙበት ሲቀር፣ ኩባንያው ከ100 ሚሊዮን ዶላር በላይ ከራሱ ኪስ እንዳወጣ አስታወቀ። በዲሴምበር 2014 የፌዴራሉ የውል ይግባኝ ቦርድ ውሉን ያፈረሰው መሥሪያ ቤቱ ነው ብሎ ሲወስን ኪዊት ተርነር ሥራውን አቆመ፤ የተመለሰው ወጪው እየተተካለት እንዲሠራ አዲስ ስምምነት ከተደረገ በኋላ ነው። ኮንግረስ በ2015 የወጪውን ጣሪያ ወደ 1.675 ቢሊዮን ዶላር አሳደገ፤ ሆስፒታሉም በ2018 ተከፈተ። ትልቅ ኩባንያ መቶ ሚሊዮን ይሸከማል። አንድ መኪና በብድር የገዛ ሰው ግን አንድ ወርም አይሸከምም።

ወለዱስ? የፌዴራሉ የዘገየ ክፍያ ወለድ በዚያ ወቅት ከ2 በመቶ ብዙም አይርቅም ነበር። የትንሽ ተቋራጭ ክሬዲት ካርድ የሚጠይቀውን ሁላችሁም ታውቁታላችሁ። በዚህ ሒሳብ መፈረምን ማዘግየት ለመሥሪያ ቤት ርካሽ ብድር ነው፤ ያውም በዕዳ መዝገብ ላይ የማይታይ። አዲስ አበባም ያው ነው፦ አማካሪ መሐንዲሱ ያልፈረመበት የክፍያ ሰርተፊኬት ዕዳ ተብሎ አይመዘገብም፤ ተቋራጩ ግን ለባንኩ ወለድ ይከፍልበታል።

መዘዙ ግልጽ ነው፦ ቀጣዩ ጨረታ ይወደዳል፣ ትንንሾቹ ይወጣሉ፣ ሁለት ሦስት ትልልቆች ይቀራሉ።

የኮሎራዶ ሕግ በመንግሥት ሥራ ዋናው ተቋራጭ ገንዘቡን በተቀበለ በ7 ቀን ውስጥ ለንዑስ ተቋራጩ እንዲከፍል ያዛል፤ ካልከፈለ በዓመት 15 በመቶ ወለድ አለበት። እዚህም ግን "በተቀበለ" የሚለውን ልብ በሉ፤ ካልተቀበለ ሰባቱ ቀን አይጀምርም። የመንግሥት ንብረት ላይ እንደ ግል ቤት እግድ ማስያዝ አይቻልም። የሚቻለው የመጨረሻው ሒሳብ ከመዘጋቱ በፊት ያልተከፈለውን በመሐላ ጽፎ ለአሠሪው መሥሪያ ቤት ማስገባት ነው፤ ያኔ መሥሪያ ቤቱ ያንን ያህል ገንዘብ ይዞ ለማቆየት ይገደዳል። የትላልቅ ሥራዎች ሒሳብ የሚዘጋበት ቀን በጋዜጣ ይወጣል፤ ብዙዎቻችን የማናነበው ገጽ ላይ።