ማንም ያልተፈረደለት ክስ

አንድ ተማሪ ዩኒቨርሲቲ ይከሳል። ክርክሩ ከታችኛው ፍርድ ቤት ተነስቶ የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ድረስ ይዘልቃል። መጨረሻ ላይ ዳኞቹ «ማን ትክክል እንደሆነ አንናገርም» ብለው መዝገቡን ይዘጋሉ። ምን ማለት ነው ይሄ?

ታሪኩ እንዲህ ነው (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። ማርኮ ዲፈኒስ በ1971 ሲያትል ባለው የዋሽንግተን ዩኒቨርሲቲ ሕግ ለመማር አመለከተ፤ አልተቀበሉትም። ትምህርት ቤቱ የጥቁሮችንና የሌሎች አናሳ ማኅበረሰቦችን ማመልከቻ ለብቻው ይመዝን ነበር። ዲፈኒስ «ነጭ በመሆኔ ተበደልኩ» ብሎ ከሰሰ። የመጀመሪያው ፍርድ ቤት «ይግባ» አለ፣ ገባ። የግዛቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ውሳኔውን ሻረው። ያም ሆኖ አንድ የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኛ ሽረቱን ስላገደው ልጁ መማሩን አላቋረጠም።

በ1974 ጉዳዩ ለውሳኔ ሲደርስ ዲፈኒስ የመጨረሻው ዓመት ላይ ነው። ዩኒቨርሲቲውም «ብንረታም አናስወጣውም» ብሏል። ታዲያ ፍርድ ቤቱ ምን ይስጠው? ቢፈረድለትም ይመረቃል፣ ቢፈረድበትም ይመረቃል። 5 ዳኞች መዝገቡ ይዘጋ አሉ፤ 4ቱ ተቃወሙ።

ልብ በሉ፣ ይህ መሸነፍ አይደለም። የአሜሪካ ሕገ መንግሥት ለፌዴራል ዳኞች የሰጠው ሥልጣን እውነተኛ ጠብ እንዲዳኙ እንጂ ምክር እንዲሰጡ አይደለም። እንዲያውም በ1793 የፕሬዚዳንት ዋሽንግተን መንግሥት የሕግ ጥያቄዎች ቢልክላቸው ዳኞቹ አንመልስም ብለዋል። ክሱ ሲጀመር ጠብ መኖሩ ብቻም አይበቃም፤ እስከ ፍርዱ ቀን መቆየት አለበት።

እዚህ ላይ ግን አንድ ችግር አለ። ከፍርድ ቤት ቀጠሮ በፊት ሁልጊዜ የሚያልቁ ጉዳዮች አሉ። እርግዝና 9 ወር ነው፤ ይግባኝ ደግሞ ዓመታት ይፈጃል። ስለዚህ በ1973 በሮ እና ዌድ ክርክር ፍርድ ቤቱ «ከሳሿ አሁን ነፍሰ ጡር አይደለችም» ብሎ መዝገቡን አልዘጋም። ነገሩ ሊደገም የሚችል፣ ግን ሁሌ ከዳኛ ፊት የሚያመልጥ ነውና። (ያ ውሳኔ በ2022 ተሽሯል፤ ይህ ልዩ ደንብ ግን ዛሬም ይሠራል።) ተከሳሽም «ትቼዋለሁ» ስላለ ብቻ አያመልጥም፤ መዝገቡ ሲዘጋ ወደ ድሮው ላለመመለሱ ምን ዋስትና አለ?

ዲፈኒስን ለምን ይህ ልዩ ደንብ አልጠቀመውም? የሕግ ትምህርት ቤት መግቢያ ውድድር ለእሱ ዳግመኛ አይመጣበትማ! ክሱን ያቀረበውም ለራሱ ብቻ ነበር። ሌሎች አመልካቾችን ወክሎ በቡድን ቢከስ ኖሮ፣ የእሱ መመረቅ ብቻውን ጉዳዩን ላይዘጋው ይችል ነበር።

በእኔ እይታ የ4ቱ ዳኞች ተቃውሞ ክብደት አለው። ጥያቄው ተመልሶ መምጣቱ አይቀርም ብለው ነበር፤ መጣም። አለን ባኪ የተባለ አመልካች ካሊፎርኒያ ውስጥ አንድ የሕክምና ትምህርት ቤትን ከሶ፣ በ1978 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ከ100 ቦታ 16ቱን ለአናሳዎች ብቻ መለየት አይቻልም፣ ዘርን ከሌሎች መመዘኛዎች ጋር ማየት ግን ይቻላል ብሎ ወሰነ። በመሀል ባሉት 4 ዓመታት ያመለከቱ ተማሪዎች፣ ነጩም ጥቁሩም፣ ሕጉ ምን እንደሚል ሳያውቁ ነው የተወዳደሩት።