ጣት የበላው ርችት
የኮከቦቹ ጉዳት፣ የከተሞቹ ሕግና የጁላይ 4 ሳምንት

ማሪዮ ባሎቴሊ የማንቸስተር ሲቲን ማሊያ በለበሰበት ዘመን ከሠራቸው ጉዶች ሁሉ እንደ ርችቱ የተወራለት የለም። እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 22 ቀን 2011 ለቅዳሜ አጥቢያ በቤቱ መታጠቢያ ክፍል ውስጥ የተለኮሰ ርችት እሳት አስነስቶ የእሳት አደጋ ሠራተኞች በሌሊት ተጠርተው መጡ። ልጁ ግን በማግስቱ እሁድ ኦልድ ትራፎርድ ገብቶ ሁለት ጎል አገባ፤ ሲቲም ማንቼን 6ለ1 ረመረመ። ማሊያውን ገልቦ «ለምን ሁልጊዜ እኔ?» የሚለውን ጽሑፍ ያሳየውም ያን ዕለት ነው። ጉዱ በዚህ አላበቃም። ርችቱን የለኮሰው ጓደኛዬ ነው ያለው ባሎቴሊ፣ በቀናት ውስጥ የማንቸስተር አካባቢ የርችት ጥንቃቄ ዘመቻ አምባሳደር ሆኖ ብቅ አለ። ቤቱ የተቃጠለበት ሰው አስተማሪ ሆነ ማለት ነው!

ዓለም ሳቀና አለፈ። ማንም አልተጎዳማ! እንግሊዝ ውስጥ ግን ርችት የሳቅ ጉዳይ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2004 በወጣው ደንብ መሠረት ከሌሊቱ 5 ሰዓት እስከ ንጋቱ 1 ሰዓት በእኛ አቆጣጠር ርችት መተኮስ ክልክል ነው። እንደ ኖቬምበር 5፣ የዘመን መለወጫ፣ የሕንዶቹ ዲዋሊና የቻይናዎቹ አዲስ ዓመት ባሉት ጥቂት ሌሊቶች ብቻ ሰዓቱ ይራዘማል። ዕድሜው 18 ያልሞላ ልጅ ለአዋቂ የተሠራውን ርችት መንገድ ላይ ይዞ መገኘት አይችልም። መንገድ ላይ መተኮስ ወይም መወርወርም ወንጀል ነው። ፖሊስ እዚያው በቆመበት 90 ፓውንድ ሊቀጣ ይችላል፤ ጉዳዩ ፍርድ ቤት ከደረሰ ደግሞ እስከ 6 ወር እስራትና ጣሪያ የሌለው የገንዘብ ቅጣት አለ።

ባሎቴሊ ዕድለኛ ነበር። አሁን የምንነግራችሁ ስፖርተኞች ግን ያን ዕድል አላገኙም።

60 ሚሊዮን ዶላር የከሰረው ተከላካይ

ጄሰን ፒየር ፖል የአሜሪካ ፉትቦል ተጫዋች ነው። በኒውዮርክ ጃያንትስ ማሊያ እ.ኤ.አ. በ2012 መጀመሪያ ሱፐር ቦውልን ያነሳ፣ ኳርተርባኮችን እያሳደደ የሚጥል ጉልበተኛ ነበር። እ.ኤ.አ. በ2015 ክረምት ቡድኑ ረጅም ኮንትራት ሊያስፈርመው እየተደራደረ ነበር። የቀረበለት ገንዘብ 60 ሚሊዮን ዶላር እንደነበር በወቅቱ ተዘግቧል።

ጁላይ 4 የአሜሪካ የነጻነት ቀን ነው። እኛ ለደመራ ችቦ እንደምናበራው ሁሉ አሜሪካኖችም በዚያ ምሽት ርችት ሳይተኩሱ አያድሩም። ፒየር ፖልም ፍሎሪዳ ውስጥ ርችት ሲተኩስ አንዱ እጁ ላይ ፈነዳበት። ከቀናት በኋላ የቀኝ እጁ ሌባ ጣት በቀዶ ጥገና ተቆረጠ፣ ሌሎቹም ጣቶቹ ክፉኛ ተጎዱ። የ60 ሚሊዮኑ ድርድርም እንደ ርችቱ ጭስ በነነ።

እዚህ ላይ የፍሎሪዳን ሕግ ማወቅ ያስፈልጋል። በዚያን ጊዜ በፍሎሪዳ የሚፈነዳና ወደ ላይ የሚወነጨፍ ርችት ለተራ ሰው የተከለከለ ነበር። ሕጉን የጣሰ ሰው እስከ 1 ዓመት እስራትና እስከ 1,000 ዶላር ቅጣት ይጠብቀዋል። ታዲያ ርችቱ በየመንገዱ ዳር የሚቸበቸበው እንዴት ነበር? መልሱ ያስቃል። ሕጉ ከእርሻና ከዓሣ ማርቢያ ቦታ ወፍ ለማባረር ርችት መጠቀምን ይፈቅድ ነበር። ስለዚህ ገዢው ሱቅ ውስጥ አንዲት ወረቀት ላይ ይፈርማል፤ «ለወፍ ማባረሪያ ነው» ብሎ። በእኛ አገር ማማ ላይ ወጥቶ በወንጭፍ ወፍ የሚጠብቅ ልጅ ይኖራል፤ የፍሎሪዳው ከተሜ ግን አንድ ክንድ ማሳ ሳይኖረው ወፍ ጠባቂ ነኝ ብሎ ይፈርምና ርችቱን በመኪና ጭኖ ይሄዳል። ሻጩም ያውቃል፣ ገዢውም ያውቃል፣ ፖሊሱም ያውቃል።

ይህ የወፍ ቀልድ ለብዙ ዓመታት ከቀጠለ በኋላ ፍሎሪዳ እ.ኤ.አ. በ2020 አዲስ ሕግ አወጣች። ከዚያ ወዲህ በጁላይ 4፣ በዲሴምበር 31 እና በጃንዋሪ 1 ርችት መተኮስ ይፈቀዳል። ማስመሰሉ ቀረ ማለት ይቻላል። ጣት ግን በሕግ ማሻሻያ አይበቅልም።

እስቲ ሁለቱን ቁጥሮች ጎን ለጎን አስቀምጧቸው። የሕጉ ከፍተኛ የገንዘብ ቅጣት 1,000 ዶላር ነው። ርችቱ የቀጣው 60 ሚሊዮን! ዳኛ ቢሆን እኮ ይግባኝ ይባልበታል።

ፒየር ፖል ግን ወንድ ነው፤ እጁን በፋሻ ጠቅልሎ በዚያው ዓመት ኖቬምበር ወደ ሜዳ ተመለሰ። በኋላም ወደ ታምፓ ቤይ ተዛውሮ እ.ኤ.አ. በ2021 ሁለተኛውን ሱፐር ቦውል አነሳ። የተጎዳ እጁን ሳይደብቅም ሌሎች እንዲማሩበት ስለ ርችት አደጋ በአደባባይ አስተምሯል። በዚያው በ2015 የጁላይ 4 በዓል ሁለት ጣቶቹን ያጣው የታምፓ ቤይ ተከላካይ ሲ ጄ ዊልሰን ግን እንዲህ አልሆነለትም። የእሱ የፉትቦል ሕይወት እዚያው ላይ አበቃ። ኳስ መያዝና መንጠቅ ሥራው ለሆነ ሰው ሁለት ጣት ማለት እንጀራው ማለት ነው።

በተፈቀደ ቀን የመጣ ሞት

ሦስተኛው ታሪክ ከሁሉም ይከብዳል። ማቲስ ኪቭሌኒክስ የላትቪያ ተወላጅ ነው። በአሜሪካው የኮሎምበስ ብሉ ጃኬትስ ክለብ የበረዶ ላይ ሆኪ በረኛ ነበር። እ.ኤ.አ. በሜይ 2021 በአገሩ ዋና ከተማ ሪጋ በተካሄደው የዓለም ሻምፒዮና ትንሿ ላትቪያ የሆኪዋን ንግሥት ካናዳን ለመጀመሪያ ጊዜ 2ለ0 ስታሸንፍ በሩን ዘግቶ ያመሸው እሱ ነው። ያን ቀን 38 ኳሶችን አድኗል። ገና 24 ዓመቱ ነበር።

ከስድስት ሳምንት በኋላ፣ ጁላይ 4 ምሽት፣ ሚሺጋን ውስጥ ኖቪ በምትባል ከተማ ከቡድን ጓደኞቹ ጋር በዓል እያከበረ ነበር። ከቱቦ የሚተኮስ ርችት ተለኮሰ፤ ነገር ግን ዘመም ብሎ ወደ ሰማይ መተኮሱን ትቶ ወደ ሰዎቹ ይተኩስ ጀመር። ኪቭሌኒክስ ደረቱ ላይ ተመታ፣ ሕይወቱም አለፈ። ፖሊስም አደጋ መሆኑን አስታወቀ። የቡድን ጓደኛውና የአገሩ ልጅ በረኛው ኤልቪስ መርዝሊኪንስ በስንብቱ ዕለት ቆሞ፣ ኪቭሌኒክስ እሱን፣ ነፍሰ ጡር ባለቤቱንና በሆዷ ያለውን ልጅ እንዳዳናቸው ተናገረ። ልጁ ሲወለድም ማቲስ የሚለውን ስም በመጠሪያው ላይ ጨመሩለት።

አሁን ሕጉን እንይ። ሚሺጋን ከ2012 ጀምሮ ትልልቅ ርችቶችን ለሕዝብ የፈቀደች ግዛት ናት። እ.ኤ.አ. በ2018 በተሻሻለው ሕግ ከተሞች ርችትን በአብዛኛው የዓመቱ ቀን መከልከል ይችላሉ፤ ከጁን 29 እስከ ጁላይ 4 ያሉትን የመሰሉ የበዓል ቀናት ግን ከእኩለ ሌሊት 15 ደቂቃ በፊት እስካለው ሰዓት ድረስ መከልከል አይችሉም። ከተማው በከለከለው ቀን የተኮሰ 1,000 ዶላር ይከፍላል። እንግዲህ ልብ በሉ፣ ኪቭሌኒክስ የሞተው ሕጉ «ተኩሱ» ባለበት ቀን ነው። ፍሎሪዳ ከልክላ በጓሮ በር ትሸጥ ነበር፣ ሚሺጋን ፈቅዳ በግላጭ ትሸጣለች። ሁለቱም ቦታ ስፖርተኛ ተጎዳ። ተፈቅዷል ማለት አይጎዳም ማለት እንዳልሆነ ከዚህ በላይ ማስረጃ የለም።

የአሜሪካ የሸማቾች ምርት ደኅንነት ኮሚሽን እንዳስታወቀው እ.ኤ.አ. በ2023 ብቻ 8 ሰዎች በርችት ሞተዋል፣ የተጎዱት ደግሞ 9,700 ይገመታሉ። ከጉዳቱ ሁለት ሦስተኛ ያህሉ የደረሰው ጁላይ 4ን ባካተተው አንድ ወር ውስጥ ነው።

የእኛ ኳስና የጁላይ 4 ሳምንት

«ታዲያ ይሄ እኛን ምን አገባን?» የሚል አንባቢ አይጠፋም። ያገባናል! የኢትዮጵያውያን ስፖርት ፌዴሬሽን በሰሜን አሜሪካ እ.ኤ.አ. በ1984 ከተመሠረተ ወዲህ ዓመታዊ የእግር ኳስ ውድድሩን በተለምዶ የሚያካሂደው በዚያው የጁላይ 4 ሳምንት ነው። ከየግዛቱ የሚመጣው ሕዝብ ቀን ኳስ ያያል፣ ማታ ሙዚቃና ጨዋታ ነው። በዓሉ ደግሞ በየዓመቱ ከከተማ ከተማ ይዞራል። ከተማው ሲቀየር የርችቱም ሕግ አብሮ ይቀየራል።

ውድድሩ እ.ኤ.አ. በ2017 ሲያትል ነበር። በሲያትል ከተማ ርችት ጨርሶ ክልክል ነው፤ ተኩሶ የተያዘ እስከ 1 ዓመት እስራት ወይም እስከ 5,000 ዶላር ቅጣት ሊደርስበት ይችላል። በ2018 ዳላስ ሆነ። ከዳላስ ከተማ ክልል ውጪ በየመንገዱ ዳር የርችት ሱቅ ሞልቷል፤ ያንኑ ርችት ይዘህ ከተማው ውስጥ ብትተኩሰው ግን ቅጣቱ እስከ 2,000 ዶላር ነው። በ2019 አትላንታ ተካሄደ። ጆርጂያ ደግሞ ከ2015 ጀምሮ ርችትን ፈቅዳለች። ሆኖም ከሆስፒታል፣ ከነዳጅ ማደያና ከእስር ቤት በ100 ያርድ ክልል ውስጥ መተኮስ አይቻልም፤ ጠጥቶ መተኮስም ክልክል ነው። ይቺ የመጨረሻዋ ለበዓል ማታ ትከብዳለች!

የባሰው ግን የእኛ ሰው በብዛት የሚኖርበት የዋሽንግተን አካባቢ ነው። በዲሲ የሚፈነዳው ሁሉ ክልክል ሆኖ ልጆች በእጃቸው ይዘው የሚያበሯት አጭሯ ብልጭልጭ ርችት ትፈቀዳለች። መንገዱን ተሻግረህ ሲልቨር ስፕሪንግ ከገባህ ሞንትጎመሪ ካውንቲ ነህና ያቺ የልጆቹ እንኳ ክልክል ናት። ወንዙን ተሻግረህ ቨርጂኒያ ስትገባ የሚፈነዳና የሚወነጨፈውን የተኮሰ እስከ 12 ወር እስራትና እስከ 2,500 ዶላር ቅጣት ይጠብቀዋል። እዚያው ቨርጂኒያ ውስጥ ያለችው የአሌክሳንድሪያ ከተማ ደግሞ ሁሉንም ከልክላለች። አንዱ ዘመድ ቤት የተፈቀደው ሌላው ዘመድ ቤት ያስከስሳል ማለት ነው። «አላወቅሁም ነበር» የሚለው መልስ በየትኛውም ፍርድ ቤት አይሠራም።

ስለዚህ ወደ ውድድሩ የሚሄድ ተጫዋችም ሆነ ደጋፊ አስቀድሞ መጠየቅ ያለበት የግዛቱን ሕግ ብቻ አይደለም። የካውንቲውንና የከተማውንም ጭምር ነው። ሱቅ ውስጥ ተሸጠ ማለት በጓሮህ ይተኮሳል ማለት አይደለም። የየከተማው የእሳት አደጋ መሥሪያ ቤት በበዓሉ ሰሞን ደንቡን ያሳውቃል፤ መጠየቅም ነውር የለበትም።

ከሕጉ በላይ ያለውን ደግሞ ማንም ሊያስፈጽመው አይችልም፣ ከራስ በቀር። የተለኮሰ ርችት በእጅ አይያዝም። ሳይፈነዳ የቀረው ተመልሶ አይለኮስም፤ ውኃ ውስጥ ይነከራል። ከቱቦ የሚተኮሰው ደልዳላ መሬት ላይ ሳይዘም ይቆማል፣ ሰውም ራቅ ብሎ ይቆማል። ባልዲ ሙሉ ውኃ ከጎን ይኑር። የጠጣ ሰው ክብሪት አይነካም። «እሷ እንኳ ለልጅ ናት» የምንላት ብልጭልጯ ሙቀቷ ከ1,000 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ያልፋል፤ ውኃ የሚፈላው በ100 መሆኑን አስቡት። ለሕፃን ከመስጠት በፊት ይህችን ስሌት መሥራት ይበቃል።

ሳይቃጠል በቅጠል ይላሉ አበው። የገንዘብ ቅጣት ተሠርቶ ይከፈላል፣ የታሰረም ጊዜውን ጨርሶ ይወጣል። ፒየር ፖል ሁለተኛውን ዋንጫ ያነሳው ግን ሌባ ጣት በሌለው እጁ ነው፤ የኪቭሌኒክስም ስም የሚጠራው በሌላ ሰው ልጅ ላይ ነው።