ሌባው ዘበኛው ጎጆ ውስጥ

የኢሚዩኖሎጂ (የሰውነት መከላከያ ጥናት) መማሪያ መጽሐፌን ያገኘሁት ሽፋኑ ተገንጥሎ፣ ኅዳጉ በማላውቀው ተማሪ እስክሪብቶ ተሞልቶ ነው። ሁለት ወር ሙሉ ከመጀመሪያው ምዕራፍ አላለፍኩም። የገባኝ ነገሩን ወደ ሠፈራችን ሳመጣው ነው።

የአዲስ አበባዋ ውቤ በረሃ፣ የደጃዝማች ውቤ አጥናፍሰገድን ስም የያዘችው ሠፈር፣ በደጉ ዘመኗ የምሽት ጭፈራ አገር ነበረች። ወጪ ገቢው የበዛበት ሠፈር ዘበኛ ያሻዋል። በገላችን ውስጥም ማክሮፌጅ የሚሉት ሕዋስ ዘበኛ ነው፤ ስም አይጠይቅም፣ ፀጉረ ልውጡን ይዞ ይውጠዋል። ፀረ እንግዳ አካል ደግሞ ሌባው ጀርባ ላይ የሚለጠፍ «ያዙት» የሚል ወረቀት ነው።

ጉዱ የሚመጣው አሁን ነው። የሥጋ ደዌ ባክቴሪያ ዘበኛው ቢውጠውም አይሞትም፤ እዚያው ሆዱ ውስጥ ይኖራል። ሌባ ዘበኛው ጎጆ ውስጥ ተኝቶ አስቡት! ያ «ያዙት» የሚለው ወረቀት ወደ ጎጆው አይዘልቅም። ቲ ሴል የሚባለው ሌላ የመከላከያ ሕዋስ መጥቶ «ቤትህን ፈትሽ» ካላለው ዘበኛው አይነቃም። መልእክቱን የሚያደርሰው ኢንተርፌሮን ጋማ የሚባል ፕሮቲን ነው።

ስለዚህ ቲ ሴሉ የበረታለት ሰው ጥቂት ምልክት ብቻ ይወጣበታል፤ ባክቴሪያውን ቆዳው ላይ ፈልጎ ማግኘት ያስቸግራል። (ጠቡ ግን ነርቩን ይጎዳበታል፤ ነፃ ድል የለም።) ቲ ሴሉ ዝም ያለበት ደግሞ ደሙ በፀረ እንግዳ አካል ተሞልቶ ሳለ ባክቴሪያው በገላው ይፈላል። በሁለቱ መካከል ብዙ ደረጃ አለ።

ይህ ሁሉ የሩቅ አገር ወሬ ይመስለኝ ነበር። ለካ ዘነበወርቅ፣ አለርት ሆስፒታል ግቢ ውስጥ፣ ከ1962 ዓ.ም. ጀምሮ ይህንኑ የሚያጠና አርማወር ሐንሰን የምርምር ኢንስቲትዩት አለ! ስሙ እ.ኤ.አ. በ1873 ባክቴሪያውን ላገኘው ኖርዌያዊ ሐኪም መታሰቢያ ነው። ሥራው ትዕግሥት ይፈትናል፤ ይህ ባክቴሪያ በቤተ ሙከራ ሳህን ላይ አይበቅልም፣ አንዴ ለመከፈልም ሁለት ሳምንት ገደማ ይፈጅበታል። ያም ሆኖ እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጀመሪያ እዚሁ አዲስ አበባ የተሠራ ጥናት፣ ከሕሙማን ጋር የቆዩ ብዙ ጤነኞች ነጭ የደም ሕዋሳቸው ባክቴሪያውን እንደሚያውቀው አሳየ። ገብቶባቸው፣ ሳይታመሙ አሸንፈውታል ማለት ነው። ታማሚን ስንሸሽ የኖርነው ይህን ሳናውቅ ነው።

ቆዳችሁ ላይ ነጣ ያለ፣ ሲነኩት የማይሰማ ምልክት ካያችሁ ጤና ጣቢያ ሂዱ። መድኃኒቱ ያድናል፤ በነፃ ነው የሚሰጠው።