ተራኪው፦ ወጋየሁ ንጋቱና የድምፅ ትወና

ትረካ መጽሐፍን በድምፅ የመጫወት ሙያ ነው። ተራኪ ተዋናይ ነው፤ ፊቱ ግን አይታይም፣ ልብሱና አቋቋሙም አያግዙትም። ጌታውንም አሽከሩንም፣ ባልየውንም ሚስትየዋንም ብቻውን ሆኖ ይናገራል፤ በመካከሉ ደግሞ የደራሲውን ቃል ያነባል። በኢትዮጵያ የድምፅ ትወና የተከበረው በካርቱን ፊልም ሳይሆን በሬዲዮ ትረካ ነው።

በሙያው ስሙ አስቀድሞ የሚነሣው ወጋየሁ ንጋቱ ነው። ወጋየሁ የመድረክ ሰው ነበር። በኢትዮጵያ ሬዲዮ «ከመጻሕፍት ዓለም» በተባለው ዝግጅት የሐዲስ ዓለማየሁን «ፍቅር እስከ መቃብር» ሲተርክ ግን ከቴአትር ተመልካች ቁጥር እጅግ የሚበልጥ አድማጭ አገኘ። ልብ ወለዱ በ1958 ዓ.ም. ታትሟል። ፊደል ያልቆጠረው ሕዝብ ገጸ ባሕርያቱን በዛብህንና ሰብለ ወንጌልን ያወቃቸው ግን በወጋየሁ አንደበት ነው፤ ለአንድ ድርሰት ከዚህ የበለጠ ውለታ የዋለ ተዋናይ ማግኘት ይቸግራል።

ሥራው ድምፅ ከመለዋወጥ ይሰፋል። በዚሁ ልብ ወለድ ፊታውራሪ መሸሻ ሲቆጡ የባላባት ኩራታቸው አብሮ መሰማት አለበት። ጉዱ ካሳ ሲናገር ሰው እንደ እብድ የሚቆጥረው አዋቂ መሆኑ መለየት አለበት፤ ወደ እብደቱ ብቻ ያዘነበለ ተራኪ የመጽሐፉን ሐሳብ ይገድለዋል። በሴት ገጸ ባሕርይ ላይም ወንዱ ተራኪ ድምፁን ከልክ በላይ ካቀጠነ ነገሩ ፌዝ ይሆናል፤ ለዘብና ረጋ ማለት ይበቃዋል።

የአማርኛ ጽሕፈት ደግሞ የራሱን ፈተና ይጨምራል። ፊደሉ የሚጠብቀውንና የሚላላውን ድምፅ አይለይም። «አለ» ላልቶ ሲነበብ ተናገረ፣ ጠብቆ ሲነበብ ይገኛል ማለት ነው፤ «ገና» ላልቶ ጊዜን ያመለክታል፣ ጠብቆ የበዓል ስም ነው። ዓይን ወደ ኋላ ተመልሶ ያስተካክላል፣ የሬዲዮ አድማጭ ግን መመለሻ የለውም። ስለዚህ ተራኪው ገጹን አስቀድሞ አጥንቶ፣ ማን የት እንደሚናገርና ትንፋሽ የት እንደሚወሰድ ለይቶ ወደ ማይክሮፎን ይቀርባል።

ትረካ ሥራ ለያዘ እጅ የተመቸ ጥበብ ነው። መርካቶ ውስጥ ልብስ ሰፊው ከመኪናው፣ የምናለሽ ተራ ቀጥቃጭ ከብረቱ ዓይኑን ሳያነሣ ሬዲዮ ያዳምጣል። በመዶሻና በተሸካሚዎች ጩኸት መሐል የሚሰማው ደግሞ ቃላቱን አጥርቶ የሚጠራ አንባቢ ብቻ ነው። መርካቶ የካሴት ገበያም ነበረች፤ ከአውቶቡስ ተራ የሚነሣው መንገደኛ ዘፈኑንም ወጉንም በካሴት ይዞ ወደ ክፍለ ሀገር ይወጣ ነበር። ካሴት በሲዲ፣ ሲዲም በፍላሽና በሚሞሪ ተተክቷል።

በጃፓን በድምፅ ብቻ የመተወን ችሎታ ራሱን የቻለ መተዳደሪያ ነው። በ1936 እ.ኤ.አ. የተወለዱት የድምፅ ተዋናይ ማሳኮ ኖዛዋ ከ1986 እ.ኤ.አ. ጀምሮ «ድራጎን ቦል» በተባለው ካርቱን ጎኩን፣ ኋላም ልጆቹን ጎሃንንና ጎተንን ራሳቸው ተጫውተዋል። አባትንና ሁለት ልጆችን በአንድ ጉሮሮ መለየት የኢትዮጵያ ተራኪ የሚያውቀው ድካም ነው። ልዩነቱ የጃፓኑ ተዋናይ ሥዕሉን እያየ ከገጸ ባሕርዩ አፍ ጋር መግጠሙ ነው። ወደዚህ አሠራር የሚቀርበው የአማርኛ ሥራ ቃና ቴሌቪዥን በ2008 ዓ.ም. ሲጀመር በስፋት የመጣው የውጭ ድራማ ትርጉም ነው፤ በዚያ እያንዳንዱ ተዋናይ የተመደበለትን ገጸ ባሕርይ ይዞ ከከንፈር ጋር ይሮጣል።

ከወጋየሁ በኋላ ሙያው አልተቋረጠም። በ2010 ዓ.ም. ያረፈው ፈቃዱ ተክለማርያም ከመድረክ ትወናው ጋር ብዙ መጻሕፍት ተርኳል፤ በሸገር ኤፍ ኤም 102.1 «ሸገር ሼልፍ» ደግሞ አንዷለም ተስፋዬ ይታወቃል። የወጋየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» እሱ ካረፈ ከሠላሳ ዓመት በላይ አልፎም በስልክና በኢንተርኔት ይደመጣል፤ መጽሐፉን ዛሬ በዓይኑ የሚያነብ ሰው ሳይቀር ጉዱ ካሳን የሚሰማው በእሱ ድምፅ ነው።