«ምንጭ ያስፈልጋል» ማለት «ውሸት ነው» ማለት አይደለም

ዓርብ ዕለት አል አስማኽ ሻይ ቤት ተቀምጬ አንዲት እህት ስልኳን ሰጠችኝ። የከፈተችው ስለ ቤት ሠራተኞች የሚያወራ፣ ማንም ሊያርመው የሚችል የዓረብኛ ገጽ ነው። በየመስመሩ መጨረሻ በቅንፍ «ቢሓጃ ሊመስደር» ተጽፎበታል። «ይሄ ሁሉ ውሸት ነው እንዴ?» አለችኝ።

አይደለም። ቃሉ «ምንጭ ያስፈልገዋል» ማለት ነው። ዊኪፔዲያን በመሳሰሉ ገጾች ላይ ምልክቱን ለመለጠፍ ደቂቃ አይፈጅም፤ ምንጩን ፈልጎ ማግኘት ግን ግማሽ ቀን ሊወስድ ይችላል። ስለዚህ ብዙዎች ለጥፈው ይሄዳሉ። የዊኪፔዲያ ደንብ ግን ምንጭን በግድ የሚጠይቀው በቀጥታ ለተጠቀሰ ንግግርና ለሚያከራክር ነገር እንጂ ለእያንዳንዱ ዐረፍተ ነገር አይደለም።

የአማርኛው ዊኪፔዲያ 15 ሺህ ያህል ጽሑፎች ብቻ አሉት። ከእናንተ አንዷ ቡና አቦል፣ ቶና፣ በረካ ተብሎ እንደሚጠጣ ብትጽፍና ወዲያው «ምንጭ አምጪ» ብትባል፣ ዳግመኛ የምትጽፍ ይመስላችኋል? ከእናቷ የተማረችውን ከየትኛው መጽሐፍ ታመጣዋለች? ምልክቱን የለጠፈው ሰው ራሱ ትንሽ ቢፈልግ ምን ነበረበት! ደግሞም ምልክቱ በየመስመሩ ሲበዛ ዓይን ይለምደዋል፤ በእርግጥ የሚያጠራጥረው የደመወዝ ቁጥርም በመሃል ተደብቆ ያልፋል።

በመብታችሁ ጉዳይ ግን ምንጭ ጠይቁ፤ እዚህ ላይ አትታክቱ። የኳታር ዝቅተኛ ደመወዝ 1,000 ሪያል መሆኑ ምንጭ አለው፦ የ2020 ሕግ ቁጥር 17። ከመጋቢት 2021 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ የቤት ሠራተኛንም ይጨምራል። አሠሪው ምግብ ካላቀረበ 300፣ መኖሪያ ካልሰጠ 500 ሪያል ይታከላል። የ2017 ሕግ ቁጥር 15 ደግሞ ሌላ ስምምነት ከሌለ ሥራው በቀን ከ10 ሰዓት እንዳይበልጥ፣ በሳምንትም ተከታታይ 24 ሰዓት ዕረፍት እንዲኖር ያዛል። ለመዳም ወይም ለኤጀንሲ ስትናገሩ «ፌስቡክ ላይ አየሁ» ከማለት የሕጉን ቁጥር መጥራት ይሻላል።

ያቺ እህት ያስጨነቃት አንድ መስመር ብቻ ነበር፦ የዓመት ዕረፍት ሦስት ሳምንት ነው የሚለው። እሱም ምልክቱ አለበት። የ2017ቱን ሕግ ዓረብኛውን ከፍቼ አነበብኩላት፤ ሦስት ሳምንት፣ ከነክፍያው። ሻይዋን አስቀምጣ ቁጥሩን ስልኳ ላይ ጻፈችው።